ለአንድ ፊልም የነገሠችው ኢኔስ ፔሌግሪኒ

አንዳንድ ተዋንያን በመቶ ፊልም ተጫውተው አንዲት ትዕይንት እንኳ በተመልካች ልብ ሳያስቀሩ ያልፋሉ። ሌሎች ደግሞ በሩ አንድ ጊዜ ብቻ ይከፈትላቸውና፣ በዚያች አንዲት ጊዜ የሠሩት ሥራ በሩ ከተዘጋም በኋላ ሲታወስ ይኖራል። ኢኔስ ፔሌግሪኒ ከሁለተኞቹ ወገን ናት። ስሟ በአማርኛ የፊልም ጽሑፎች እምብዛም አይነሣም፤ በኢጣሊያኖቹም ዘንድ ሲነሣ አብዛኛውን ጊዜ በታላቁ ዳይሬክተር በፒየር ፓኦሎ ፓዞሊኒ ጥላ ሥር ነው። ይሁንና የኤርትራና የኢጣሊያ ደም ያላት ይህች ተዋናይት፣ እ.ኤ.አ. በ1974 ለሕዝብ በቀረበው የፓዞሊኒ «የሺህ ከአንድ ሌሊት አበባ» ፊልም ውስጥ ባሪያ ሆና ገብታ ንጉሥ ሆና ወጥታለች። ከዚያ በኋላ የኢጣሊያ ሲኒማ መልሶ ገረድ አደረጋት። ዘውዱን የሰጣት ማን ነው? የነጠቃትስ?

ጥያቄው ለሃያብለ አንባቢ ሩቅ አይደለም። ፊልሙ የተቀረጸው በኤርትራ፣ በየመን፣ በኢራንና በኔፓል ነው። ጅቡቲ ደግሞ በስተሰሜን ከኤርትራ ጋር የምትዋሰን፣ ከባብ ኤል መንደብ ማዶ የመንን የምታይ አገር ናት። በፊልሙ የሚታዩት የጭቃ ግንቦች፣ በነጭ ኖራ ያጌጡት መስኮቶች፣ ጥምጣም የጠመጠሙት ነጋዴዎችና በፀሐይ የነደደው ሜዳ ለሚላኖና ለፓሪስ ተመልካች የተረት አገር ነበሩ። ለጅቡቲ ነዋሪ ግን የጎረቤት መልክ ናቸው። ከዚህ ባሕር ዳርቻ ሆኖ ፊልሙን የሚያይ ሰው፣ አውሮፓዊው ሐያሲ በመልክዓ ምድሩ ተደንቆ ያለፈውን ነገር ቀስ ብሎ ለመመልከት ፋታ ያገኛል። ያም ነገር የተዋናይቷ ሥራ ነው።

ፊልሙና ዘመኑ

ፓዞሊኒ እ.ኤ.አ. በ1922 በቦሎኛ የተወለደ ገጣሚ፣ ልብ ወለድ ጸሐፊና የፊልም ዳይሬክተር ነበር። «ዴካሜሮን»ን በ1971፣ «የካንተርበሪ ተረቶች»ን በ1972፣ የሺህ ከአንድ ሌሊቱን ፊልም ደግሞ በ1974 አውጥቶ ሦስቱን «የሕይወት ሦስትዮሽ» ብሎ ሰየማቸው። ሦስተኛው ፊልም በዚያው ዓመት በካን የፊልም ፌስቲቫል የዳኞችን ልዩ ታላቅ ሽልማት አገኘ። የሙዚቃው ደራሲ ኤኒዮ ሞሪኮኔ ነው።

ቀረጻው ሲካሄድ ኤርትራ በኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት መንግሥት ሥር ነበረች፤ ጦርነቱም ከተጀመረ ዓመታት አልፈው ነበር። ፊልሙ ለሕዝብ በቀረበበት ዓመት፣ እ.ኤ.አ. መስከረም 12 ቀን 1974፣ አዲስ አበባ ላይ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። በሸራው ላይ አንዲት ሐበሻ ልጅ ስትነግሥ፣ በምድር ላይ የሺህ ዘመን ዙፋን ባዶ ሆነ። ፓዞሊኒ ይህን አስቦ አልሠራውም፤ የታሪክ ግጥምጥሞሽ ነው። ሆኖም የአማርኛ አንባቢ ፊልሙን ሲያይ ይህን ከልቡ ማውጣት አይችልም።

ሦስት ትዕይንቶች

የፊልሙ ታሪክ ብዙ ተረቶችን በጉያው ይዟል፤ ሁሉንም የሚያያይዘው ክር ግን የዙሙሩድና የኑረዲን ፍቅር ነው። ዙሙሩድን የምትጫወተው ፔሌግሪኒ ናት፤ ኑረዲንን የሚጫወተው ፍራንኮ ሜርሊ የተባለ ወጣት ነው።

የመጀመሪያው ትዕይንት ገበያ ነው። ዙሙሩድ ለሽያጭ ቀርባለች፤ ነገር ግን ገዢዋን ራሷ እንድትመርጥ ተፈቅዶላታል። ሽማግሌ ነጋዴዎች ዋጋ ሲጠሩ በእርጅናቸው ታላግጣለች፤ ትስቃለች፤ ሕዝቡም አብሮ ይስቃል። በመጨረሻ ከዳር ቆሞ የሚያይ፣ ጢም እንኳ በቅጡ ያላበቀለ ልጅ ታያለች፤ «ጌታዬ እሱ ነው» ትላለች። ልጁ ግን ሳንቲም የለውም። ገንዘቡን ሰጥታ ራሷን የምታስገዛው እሷ ናት። ልምድ የሌላት ተዋናይ ይህን ትዕይንት በቀላሉ ወደ ቧልት ልታወርደው ትችል ነበር። ፔሌግሪኒ ግን አንድ ነገር ጠብቃለች፤ ስትስቅ አፏ ይስቃል፣ ዓይኗ ግን ይመዝናል። የሚሸጠው ዕቃ ገበያተኛውን እየገመተ ነው። ባሪያ ናት ተብላ የቆመችው ሴት በዚያ ገበያ ውስጥ የምትፈልገውን የምታውቅ ብቸኛዋ ሰው መሆኗን ያለ አንዲት ትርፍ ቃል ታስረዳለች።

ሁለተኛው ትዕይንት ንግሥናው ነው። ኑረዲን ምክሯን ሳይሰማ ቀርቶ ትጠለፍበታለች፤ ከአርባ ሌቦች እጅ ትወድቃለች፤ የወንድ ልብስ ለብሳ በፈረስ ታመልጣለች። ከበረሃ ወጥታ አንዲት ከተማ ስትደርስ ሕዝቡ በደስታ ይቀበላታል። የአገሩ ልማድ፣ ንጉሡ ያለ ወራሽ ሲሞት ከበረሃ ቀድሞ የመጣውን ሰው ማንገሥ ነውና። ዙሙሩድ ዋርዳን የሚባል ስም ይዛ ትነግሣለች፤ ሚስትም ይድሩላታል። በሠርጉ ሌሊት ምስጢሯን ለሙሽራይቱ ስትገልጥ ልጅቱ ስቃ ትቀበላታለች፤ ምስጢሩንም ትጠብቃለች። በዚህ ክፍል የፔሌግሪኒ ሥራ መቀነስ ነው። የገበያዋ ልጅ ሳቅ ይጠፋል፤ አንገቷ ይቀናል፤ እጆቿ ያርፋሉ። የበደሏት ሰዎች በግብር ላይ ተገኝተው ሲያዙና ስቅላት ሲፈረድባቸው ፊቷ ላይ ደስታ አይነበብም። የንጉሥ ፊት ነው። በወንድ ድምፅ ለመናገር ወይም እንደ ወንድ ለመራመድ አትጨነቅም፤ ሥልጣንን የምትጫወተው በዝምታ ነው።

ሦስተኛው ትዕይንት መገናኘታቸው ነው። ፍቅሩን ፍለጋ አገር ላገር የተንከራተተው ኑረዲን ወደ ንጉሡ እልፍኝ ይገባል፤ ንጉሡ ማን እንደሆነ አላወቀም። ዙሙሩድ ታስፈራራዋለች፤ ልጁ ይንቀጠቀጣል። ካሜራው ፊቷ ላይ ሲቆም ተመልካቹ ሁለት ሰው በአንድ ጊዜ ያያል፤ የሚፈርደውን ንጉሥና ሳቋን አፍና የያዘችውን ልጅ። ሳቁ ሲያመልጣት የገበያው ሳቅ ተመልሶ ይመጣል፤ አሁን ግን የንጉሥ ሳቅ ሆኗል። የፊልሙ ታላቅ ጊዜ ይህ ነው፤ የተሠራውም በተዋናይቷ ፊት ነው።

ነገሠ፣ ነገሠች፣ ነገሡ

ይህ ፊልም ለአማርኛ ተርጓሚ አስቸጋሪም፣ ያልታሰበ ስጦታም ነው። አማርኛ ግሡን ሲያረባ ጾታን ይጠይቃል። ዙሙሩድ ዘውድ ስትደፋ የግርጌ ጽሑፉ «ነገሠ» ካለ ተመልካቹ የሚያውቀውን እውነት ይክዳል፤ «ነገሠች» ካለ ደግሞ የከተማው ሕዝብ የማያውቀውን ምስጢር ይገልጥበታል። ፈረንሳይኛም ከዚህ ጭንቅ አያመልጥም፤ «ኢል» ወይም «ኤል» ማለት ግድ ነው።

አማርኛ ግን ሦስተኛ መንገድ አለው፤ አንቱታ። «ንጉሡ አዘዙ፤ ፈረዱ፤ እልፍኝ ገቡ» ሲባል ግሡ ስለ ጾታ ምንም አይናገርም። አክብሮቱ ራሱ መጋረጃ ይሆናል። ሕዝቡ በዚያ «እሳቸው» ውስጥ ወንድ ያያል፤ ተመልካቹ ሴት ያያል፤ ቋንቋው ግን አንዱንም አልዋሸም። ኑረዲን በእልፍኙ ውስጥ «እርስዎ» እያለ ሲለምን ቆይቶ፣ ሳቋን ሲሰማ በአንድ ትንፋሽ «አንቺ!» ይላል። በኢጣሊያንኛው ይህን ሁሉ ሥራ የሚሠራው ፊቷ ነው፤ በአማርኛው ቃሉም ያግዛታል።

ለኢትዮጵያዊ ተመልካች ደግሞ ሴት በዘውድ ሥር ተረት ብቻ አይደለችም። ዘውዲቱ ምኒልክ በየካቲት 1909 ዓ.ም. «ንግሥተ ነገሥታት» ተብለው ዘውድ ደፍተዋል። ሴት ስትነግሥ ወንድ መምሰል ይኖርባታል ወይ የሚለውን የዙሙሩድን ጥያቄ ይህ አንባቢ ከራሱ ታሪክ ጋር አገናዝቦ የሚያየው ነው።

ድምፅና አካል

ምስጋናው ይህን ያህል ከሆነ ነቀፌታውም መነገር አለበት። በዚያ ዘመን የኢጣሊያ ፊልም ልማድ ድምፅን ከቀረጻው በኋላ በስቱዲዮ መሙላት ነበር። የተዋናይ ፊት አንድ፣ ድምፁ ሌላ ሰው መሆኑ የተለመደ ነበር። በቱኒስ የተወለደችው ክላውዲያ ካርዲናሌ እንኳ፣ ዝናዋ እየገነነ ሳለ ድምፅዋ በሌሎች ሴቶች ሲተካ ኖሮ በራሷ ድምፅ የተሰማችው ፌዴሪኮ ፌሊኒ እ.ኤ.አ. በ1963 በ«ስምንት ተኩል» ፊልሙ ሲፈቅድላት ነው። ከአፍሪካ የመጣች ተዋናይት ከሆነች ልማዱ ሌላ ትርጉም ይይዛል፤ መልኳ ይፈለጋል፣ አንደበቷ ግን ለሌላ ይሰጣል። የፔሌግሪኒ ዙሙሩድ በዝምታዋ የበረታችው ያለ ምክንያት አይደለም። ማንም ሊተካባት የማይችለው የፊቷንና የአካሏን ንግግር ነበርና።

ፓዞሊኒ ራሱም ከዚህ ወቀሳ ነጻ አይሆንም። በኤርትራና በየመን ሰዎች ፊት ላይ የፈለገው፣ ገንዘብና ፋብሪካ በኢጣሊያ ያጠፉት የመሰለውን ንጹሕነት ነው። ሰንዓን ከልቡ ይወድ ነበር፤ የከተማይቱ ጥንታዊ ግንብ እንዲጠበቅ ዩኔስኮን የሚማጸን አጭር ፊልም በ1971 አውጥቷል፤ ከተማይቱም በ1986 በዓለም ቅርስነት ተመዝግባለች። ፍቅር ግን ሁልጊዜ ማወቅ አይደለም። ከዚያ ቀደም ብሎ በ1970 ባቀረበው ስለ አፍሪካ ኦረስቲያ በሚተርከው የማስታወሻ ፊልሙ፣ በሮም የሚማሩ አፍሪካውያንን ሰብስቦ ሐሳባቸውን ሲጠይቅ፣ አፍሪካን እንደ አንድ ነገር አድርጎ ማየቱን ተቃውመውታል። የሺህ ከአንድ ሌሊቱ ፊልም ያንን ተቃውሞ በቅጡ አልሰማም። ካሜራው ራቁት አካልን ሲያይ አንዳንዴ እንደ ሰው ሳይሆን እንደ ፍሬ ያየዋል። ፓዞሊኒ በ1975 በጻፈው ጽሑፍ ሦስትዮሹን ራሱ መካዱም ይታወቃል፤ የአካል ነጻነት ያለው ነገር በገበያው መነጠቁን አይቶ ነበር።

ቢሆንም ተዋናይቷ ከዳይሬክተሩ ሐሳብ በላይ ሆና ትታያለች። እሱ የፈለገው ንጹሕነትን ነበር፤ እሷ የሰጠችው ብልኅነትን ነው። ዙሙሩድ የዋህ አይደለችም፤ የዋሁ ኑረዲን ነው። ሚዛኑን ገልብጠው የያዙት የፔሌግሪኒ ዓይኖች ናቸው።

ከዙፋን ወደ ማዕድ ቤት

በቀጣዩ ዓመት በ1975 ፓዞሊኒ ለ«ሳሎ» ፊልሙ ጠራት። ፊልሙ በሙሶሊኒ የመጨረሻ ዓመታት፣ በሰሜን ኢጣሊያ በቆመው የፋሺስት መንግሥት ዘመን፣ አራት ባለሥልጣናት ወጣቶችን ሰብስበው የሚያሠቃዩበት እጅግ ከባድ ሥራ ነው። ፔሌግሪኒ በቤቱ ያለች ስም የሌላት ጥቁር አገልጋይ ናት። ከጠባቂዎቹ አንዱ ይወዳታል፤ ጌቶቹ አብረው ያገኟቸዋል፤ ወጣቱ ጡጫውን ወደ ላይ አንሥቶ ይቆማል፤ ለቅጽበት ያመነታሉ፤ ይገድሉታል። ከዚያ እሷን። ቃል አልተሰጣትም፤ ሆኖም በዚያ ሁሉ ጭካኔ ውስጥ ፍቅር የተባለ ነገር የሚታየው በዚህች ትዕይንት ብቻ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ዳይሬክተሩ ፊልሙ ለሕዝብ ሳይደርስ እ.ኤ.አ. ኅዳር 2 ቀን 1975 በሮም አቅራቢያ በኦስቲያ ተገድሎ ተገኘ።

ከዚያ በኋላ የመጣውን የፊልሙ ርዕስ ብቻ ይናገራል። በ1976 የወጣው «ኡና ቤላ ጎቬርናንቴ ዲ ኮሎሬ»፣ በአማርኛ «አንዲት ቆንጆ ባለ ቀለም የቤት ሠራተኛ» ማለት ነው። ትናንት ንጉሥ የነበረችው ሴት ዛሬ ትሪ ይዛ፣ ጌታዋና ተመልካቹ እያዩአት ትመላለሳለች። በዚያን ወቅት የኢጣሊያ ገበያ «ጥቁር» ሴትን እንደ ሸቀጥ ይፈልግ ነበር። ሸቀጡም ከየትም ቢመጣ ግድ አልነበረውም፤ በ1975 «ኤማኑኤሌ ኔራ» ማለትም «ጥቁሯ ኤማኑኤሌ» ተብላ የቀረበችው ላውራ ጌምሰር የኢንዶኔዥያ ተወላጅ ነበረች። «ጥቁር» የሚለው ቃል የሰው መልክ መግለጫ መሆኑ ቀርቶ የገበያ ምልክት ሆኗል።

ይህ ዕይታ ከሰማይ አልወረደም። በ1930ዎቹ የፋሺስቱ ወረራ ወታደሩን የሐበሻ ሴት ፎቶግራፍ ባለበት ፖስታ ካርድ እያማለለ ወደ ምሥራቅ አፍሪካ ላከው። በ1937 ደግሞ ኢጣሊያዊ ከቅኝ ተገዢ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት እንዳይኖር በሕግ ከለከለ፤ በ1940 በወጣው ሕግ ኢጣሊያዊ አባት ከአገሬው እናት የወለደውን ልጅ እንዳይቀበል አደረገ። አካሏ ተፈቀደ፤ ስሟና ልጇ ግን ተከለከሉ። የ1970ዎቹ ቀላል ፊልሞች ሕጉን ረስተውታል፤ ዕይታውን ግን ወርሰዋል። ፔሌግሪኒ በሸራ ላይ ትሪ በያዘችበት ጊዜ፣ በሮምና በሚላኖ ቤቶች በሥጋና በደም ትሪ የሚይዙ ኤርትራውያትና ኢትዮጵያውያት ብዙ ነበሩ። ስለ እነሱ ድካም የተሠራ ፊልም ግን አልነበረም፤ የተሠራው ጌታው ስለሚያልመው ነው። ከሃያብለ ማለዳ ተነሥታ ወደ ሰው ቤት ሥራ የምትሄድ እህት ይህን ልዩነት ለማወቅ ሐያሲ አያስፈልጋትም።

ሌላዋ ልጅ፣ ሌላ ዕጣ

የፔሌግሪኒን መንገድ ለመመዘን ከዘውዲ አርአያ ጋር ማስተያየት ይጠቅማል። ዘውዲ እ.ኤ.አ. በ1951 በኤርትራ ደቀምሐረ ተወለደች። ወደ ኢጣሊያ ሄዳ በቡና ማስታወቂያ ታየች፤ በ1972 ዳይሬክተሩ ሉዊጂ ስካቲኒ «የጨረቃ ቆዳ ያላት ልጅ» በተባለው ፊልም የሲሸልስ ልጅ አድርጎ አቀረባት። በ1973 በዚያው ዳይሬክተር ሌላ ፊልም ውስጥ፣ ኢጣሊያዊ አግብታ ወደ ፌራራ ከተማ ሄዳ የሰፈሩን ሐሜትና ንቀት የምትቀምስ ግብጻዊት ሆነች፤ ከሥራዎቿ ሁሉ ቁም ነገር የሚበዛበት ይህ ነው። በ1976 በሰርጂዮ ኮርቡቺ የሮቢንሰን ክሩሶ ቀልድ ውስጥ «ዓርብ» የተባለውን አገልጋይ በሴት መልክ ተጫወተች፤ በ1979 በ«ቴዞሮ ሚዮ» የቤት ሠራተኛ ሆነች። ሲሸልስ፣ ግብጽ፣ ስም የለሽ ደሴት፤ ከደቀምሐረ በስተቀር ከሁሉም ቦታ መጥታለች።

ዘውዲን ከዚህ አዙሪት ያወጣት ከካሜራው ፊት የተሰጣት ሚና አይደለም፤ ከካሜራው ጀርባ የያዘችው ቦታ ነው። የ«ኑዎቮ ሲኒማ ፓራዲሶ» ፕሮዲዩሰር የፍራንኮ ክሪስታልዲ የትዳር ጓደኛ ሆነች፤ እሱ በ1992 ካረፈ በኋላ ራሷ ፊልም ወደ ማሠራት ተሻገረች። ፔሌግሪኒ እንዲህ ያለ በር አላገኘችም። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ከሸራው ርቃለች። የሁለቱን ችሎታ ያነጻጸረ ሰው ግን የበለጠችዋ ተዋናይ ፔሌግሪኒ መሆኗን ሳያቅማማ ይመሰክራል። ችሎታ ብቻውን ዕድሜ አይሰጥም፤ ታሪኩን የሚጽፈውና ገንዘቡን የሚያወጣው ማን እንደሆነም ይወስናል።

የቤት ሥራ

ይህን ሁሉ ለኢጣሊያኖች ብቻ ቆጥሮ መተው ግን ፍርድ ማጓደል ነው። የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ረጅም ፊልም በ1957 ዓ.ም. የቀረበው «ሂሩት አባቷ ማነው» ነው። የኤላላ ኢብሳ ድርሰት ሲሆን፣ ያዘጋጀው ላምብሮስ ዮካሪስ የተባለ ግሪካዊ ነው። ርዕሱን ከ1940ው የኢጣሊያ ሕግ ጎን ላስቀመጠው ሰው ያስደነግጣል፤ በራስ አገርና በራስ ቋንቋ ስለ ሴት ልጅ የተጠየቀው የመጀመሪያው የሲኒማ ጥያቄ የአባቷ ማንነት ሆነ። ሃምሳ ዓመት ያህል ቆይቶ በ2014 እ.ኤ.አ. በሰንዳንስ የተመልካቾችን ሽልማት ባገኘው «ድፍረት» ላይ፣ ሜሮን ጌትነት ለተጠለፈችው ልጅ የምትቆም ጠበቃ ሆና ስትቀርብ ጥያቄው ተለውጧል፤ ሴቲቱ የምትጠየቀው ስለ አባቷ ሳይሆን ስለ መብቷ ነው። መንገዱ ረዝሟል፤ ቢሆንም መንገድ ነው።

«የሺህ ከአንድ ሌሊት አበባ» ለአዋቂዎች የተሠራ ፊልም ነው፤ ልጆች ባሉበት የሚታይ አይደለም። አይቶ የሚፈርድ አዋቂ ግን ስለ ራቁት አካሎቹና ስለ በረሃው ውበት ከተጻፈው ይልቅ ያቺን የገበያ ትዕይንት ልብ ብሎ ይመልከት። አንዲት ወጣት በሰው ሁሉ ፊት ቆማለች፤ ሁሉም ዋጋ ይጠራላታል፤ እሷ ግን እየሳቀች ሁሉንም ትመዝናቸዋለች። የኢጣሊያ ሲኒማ ከዚያ በኋላ የጠራላት ዋጋ ዝቅተኛ ነበር። እሷ የጠራችለት ዋጋ ግን በፊልሙ ላይ ተቀርጾ ቀርቷል፤ ዛሬም ዓይኖቿን ላየ ይነበባል።